ቸኮሌት ስንት እንበላለን? ለምንስ እንገዛለን? ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ስለ ቸኮሌት የሚነሳው ጥያቄ ወይ «ማን ስንት ይበላል?» ነው፣ ወይ «ለምን እንዲህ ያምረናል?» ነው። የመጀመሪያው ቀላል ይመስላል፤ ቁጥሩ ሲመጣ ግን ነገሩ ይወሳሰባል። ሁለተኛው ላይ ደግሞ በኢንተርኔት ያልተባለ ነገር የለም። ከታች ሁለቱንም በየተራ እናያለን። ዓመቶቹና ወሮቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ብዙ ቸኮሌት በመብላት አንደኛው አገር የቱ ነው?

በነፍስ ወከፍ ከሆነ ስዊዘርላንድ። ብዙውን ጊዜ የሚወጣው ቁጥር ለአንድ ሰው በዓመት 10 ኪሎ ወይም ትንሽ ከዚያ በላይ ነው። ባለ 100 ግራሙን ቸኮሌት አስቡና አካፍሉት፤ በየሦስት ቀን ተኩሉ አንድ መጨረስ ማለት ነው። ጀርመንም ብዙ አትርቅም። አሜሪካ የዚህ ግማሽ ገደማ ላይ ናት፤ ጃፓን ደግሞ 2 ኪሎ አካባቢ። ቻይና ከአንድ ኪሎ በጣም ታንሳለች።

በገንዘብ ሲታይ ግን ደረጃው ይለወጣል። ትልቁ የቸኮሌት ገበያ አሜሪካ ነው። ስዊዘርላንድ 9 ሚሊዮን ገደማ ሕዝብ ይዛ የቱንም ያህል ብትበላ እዚያ አትደርስም።

ቁጥሩ ከየት ነው የሚመጣው? ልመነው?

ማንም ሰው በየቤቱ እየዞረ ቸኮሌት አይመዝንም። የሚደረገው ሒሳብ ነው። አገር ውስጥ የተመረተው ላይ ከውጭ የገባው ይደመራል፣ ወደ ውጭ የተላከው ይቀነሳል፣ ቀሪው ለሕዝቡ ይካፈላል። በቃ።

ችግሩ እዚሁ ይጀምራል። ስዊዘርላንድ የሄደ ቱሪስት አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ሻንጣውን በቸኮሌት ሞልቶ ሲወጣ፣ ሒሳቡ የሚጻፈው በስዊዞች ላይ ነው። ገና ጥርስ ያላበቀለው ሕፃንም እንደ በላተኛ ይቆጠራል። ተገዝቶ መሳቢያ ውስጥ የተረሳውም፣ ቀልጦ የተጣለውም እንደተበላ ነው የሚታየው። «ቸኮሌት» የሚባለው ራሱ የቱ ነው? በቸኮሌት የተሸፈነ ብስኩት ይቆጠራል? ዳቦ ላይ የሚቀባውስ? የሚጠጣውስ? አንዱ ቆጣሪ ያስገባዋል፣ ሌላው ያስወጣዋል። ስለዚህ ሁለት ገጾች ላይ ለአንድ አገር ሁለት ቁጥር ብታዩ፣ አንዱ ዋሽቷል ማለት ላይሆን ይችላል።

ሌላው መንገድ ሰውን መጠየቅ ነው፤ «ባለፈው ሳምንት ስንት በላህ?» ብሎ። ይሄ ደግሞ የራሱ ጣጣ አለው። ሰው ጣፋጭ ነገር ላይ ሲሆን ቀንሶ ነው የሚናገረው። አንዳንዱ ያፍራል፤ አብዛኛው ግን ከምሩ ረስቶት ነው። ቆሞ የተበላ ነገር አይታወስማ።

እንደ እኔ እንደ እኔ፣ የነፍስ ወከፍ ቁጥር የሚጠቅመው አንዱን አገር ከራሱ ካለፈው ዓመት ጋር ለማወዳደር ነው። አገርን ከአገር ለማፎካከር ብዙም አያስተማምንም። ስለ አንድ ሰው ደግሞ ምንም አይናገርም፤ አማካዩን የሚሠሩት ጥቂት ቀንደኛ በላተኞችና ጭራሽ የማይነኩት ናቸው።

ቸኮሌት የሚበላ አገር ብዙ የኖቤል ተሸላሚ ያወጣል የሚባለው እውነት ነው?

ግንኙነቱ እውነት ነው፣ ትርጉሙ ግን ቀልድ ነው። በ2012 ፍራንዝ ሜሰርሊ የተባሉ የልብ ሐኪም የ23 አገሮችን የቸኮሌት ፍጆታ ከኖቤል ተሸላሚዎች ብዛት ጋር አስተያይተው ታዋቂ የሕክምና መጽሔት ላይ አወጡ። ሁለቱ በሚያስገርም ሁኔታ አብረው ይሄዱ ነበር። ስዊዘርላንድ በሁለቱም ፊት ላይ ናት። ምክንያቱ ግን ግልጽ ነው፤ ሀብታም አገር ቸኮሌትም ይገዛል፣ ላቦራቶሪም ይሠራል። ለፈተና ብላችሁ እንዳትበሉ።

ካካዎ የሚያመርቱት አገሮችስ ለምን ብዙ አይበሉም?

ካካዎ ቸኮሌት የሚሠራበት ፍሬ ነው፤ ከዓለም ካካዎ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ከኮትዲቯርና ከጋና ነው የሚመጣው። ቸኮሌቱ ግን እዚያ ብዙ አይበላም። አንዱ ምክንያት ገቢ ነው። ሌላው ሙቀት ነው፤ የካካዎ ቅቤ፣ ማለትም የፍሬው ስብ፣ 34 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ይቀልጣል፣ ስለዚህ ከፋብሪካ እስከ ሱቅ ማቀዝቀዣ ይፈልጋል። ሦስተኛው የፋብሪካው ቦታ ነው። ፍሬው በአብዛኛው ደርቆ በጆንያ ይጫናል፤ ወተቱና ስኳሩ የሚገናኙት ሌላ አህጉር ላይ ነው። የአምስተርዳም ወደብ ካካዎ በማስተናገድ በዓለም ትልቁ ነው፤ ኔዘርላንድስ ውስጥ ግን አንድ የካካዎ እርሻ የለም።

ለምንድነው እንዲህ የሚያምረን? ሰውነት ማግኒዥየም ጎድሎት ነው?

በጣም የተወራ ማብራሪያ ነው። ካካዎ ውስጥ ማግኒዥየም መኖሩ ልክ ነው። ግን ነገሩ አይገጥምም። 100 ግራም የወተት ቸኮሌት 60 ሚሊግራም ገደማ ማግኒዥየም ሲኖረው፣ ያንኑ ያህል የዱባ ፍሬ ከ500 በላይ አለው። ሌሊት ተነስቶ የዱባ ፍሬ ፍለጋ ቁም ሳጥን የሚያገላብጥ ሰው ግን አላየንም።

ሁለተኛው ወሬ «የፍቅር ኬሚካል» የሚባለው ነው። ፌኒልኤቲልአሚን የሚባል ንጥረ ነገር በቸኮሌት ውስጥ በጥቂቱ አለ። ፍቅር ሲይዘን አንጎል ውስጥ ይጨምራል ይባላል። ነገር ግን በአፍ የገባው አንጎል ሳይደርስ ሰውነት ውስጥ ባሉ ኢንዛይሞች ይፈራርሳል። የሚተርፈው እዚህ ግባ የሚባል አይደለም።

ታዲያ ምንድነው? እኔ ሁልጊዜ የምጠቅሰው በ1994 የታተመውን የዊላ ሚችነርና የፖል ሮዚንን ሙከራ ነው። አሜሪካ ውስጥ ቸኮሌት ዘወትር የሚያምራቸውን ሰዎች ሰበሰቡ። አምሮቱ በመጣ ቁጥር የተለያየ ነገር ይሰጧቸው ነበር። አንዴ የወተት ቸኮሌት። አንዴ ነጭ ቸኮሌት፤ ይሄ ቅቤውና ስኳሩ አለው፣ የካካዎው ጥቁር ክፍል ግን የለውም። አንዴ ደግሞ ያ ጥቁር ክፍል በካፕሱል፤ ኬሚካሉ አለ፣ ጣዕሙ የለም። አንዴ ባዶ ካፕሱል። አንዴ ምንም።

አምሮቱን የቆረጠው ቸኮሌቱ ነው። ነጩ ከፊሉን አስታገሰ። የካካዎው ካፕሱል ከባዶው አልተሻለም። ነጩ ላይ ካፕሱሉን ቢጨምሩበትም ለውጥ አልመጣም። ኬሚካሉ ቢሆን ኖሮ የሚያምረን፣ እንክብሉ ይበቃን ነበር። የሚያምረን አፋችን ውስጥ የሚሆነው ነገር ነው።

አፍ ውስጥ ምን ይሆናል? አንድ ቁራጭ ምላስ ላይ አስቀምጡና ሳታኝኩ ጠብቁ። መጀመሪያ ጠርዙ ይለሰልሳል። ከዚያ ትንሽ ቅዝቃዜ ይሰማችኋል፤ ቅቤው ለመቅለጥ ከምላስ ላይ ሙቀት ስለሚወስድ ነው። ቀጥሎ በአንዴ ይፈርስና ምላስን ይሸፍናል። ስኳሩ አስቀድሞ ይመጣል፣ ምሬቱ ይከተላል፣ ሽታው ከጉሮሮ ወደ አፍንጫ ይወጣል። ጣት ላይ እንደ ጠጣር ሆኖ አፍ ውስጥ የሚቀልጥ ስብ ብዙ የለም። የሰውነታችን ሙቀት 37 ነው፣ የካካዎ ቅቤ መቅለጫ 34። አጋጣሚው ካልጠፋ ነገር ቸኮሌት ላይ መዋሉ ይገርማል።

እንግዲያ ሱስ ነው?

እንደ አልኮል ወይም እንደ ኒኮቲን በበሽታነት የተመዘገበ ሱስ አይደለም። ቴኦብሮሚን የሚባል የካፌይን ዘመድና ትንሽ ካፌይን አለው፤ ያነቃቃል፣ ግን ለስለስ ባለ መንገድ ነው። ስኳርና ስብ አንድ ላይ ሲሆኑ ደግሞ ለማቆም ይከብዳሉ። «አትብላ» የተባለ ነገር ይበልጥ እንደሚያምርም አትርሱ። አመጋገብ ላይ ያለ ሰው የሚያወራው ስለ ምን እንደሆነ ስሙት።

በወር አበባ ሰሞን የሚመጣው አምሮትስ? ሆርሞን ነው?

አምሮቱ እውነት ነው፤ የሚናገሩት ሴቶች ብዙ ናቸው። ሆርሞን ብቻ ቢሆን ግን በየአገሩ አንድ ዓይነት መሆን ነበረበት። አይደለም። ይህን የሚሉ አሜሪካውያን ሴቶች ከስፔናውያን ይበዛሉ። የወር አበባ በዕድሜ ጨርሶ ሲቆምም አምሮቱ በሆርሞኑ ልክ አይወርድም። ስለዚህ ባህልም እጁ አለበት። በእነዚያ ቀናት መብላት «ይፈቀዳል» የሚባልበት ቦታ አምሮቱም ሳይበረታ አይቀርም።

ሌላ ነገር ልገዛ ገብቼ ቸኮሌት ይዤ የምወጣው ለምንድነው?

ምክንያቱም እንደዚያ ተብሎ ስለተቀመጠላችሁ ነው። ሱፐርማርኬት ውስጥ ገንዘብ መክፈያው ጋ ስትቆሙ ዙሪያችሁን እዩ። ሩዝ የለም። ሳሙና የለም። ያለው በአንድ እጅ የሚነሳ፣ ዋጋው ከተሞላው ዘንቢል አንጻር ኢምንት የሆነ፣ ወዲያው የሚበላ ነገር ነው። ታችኛው መደርደሪያ በሕፃን ዓይን ልክ ነው። ያን ሰዓት ደግሞ ስንት ነገር መርጣችሁ፣ ስንቱን ትታችሁ ደክማችኋል። ወረፋው አይንቀሳቀስም። እጅ ሥራ ይፈልጋል።

ይሄ ተራ ግምት ቢሆን ኖሮ መንግሥት ሕግ አያወጣበትም ነበር። እንግሊዝ ውስጥ ከጥቅምት 2022 ጀምሮ ትልልቅ ሱቆች ስብ፣ ስኳርና ጨው የበዛባቸውን የተለዩ ምርቶች መክፈያው ጋና መግቢያው ላይ እንዳይደረድሩ ተከልክለዋል። ቸኮሌትም አለበት።

የመጠኑም ነገር አለ። ሰው የተከፈተውን ይጨርሳል። «ለማካፈል» ተብሎ የሚሸጠው ትልቁ ጥቅል ስንቴ ተካፍሎ እንደሚበላ እናንተው ታውቁታላችሁ። በኪሎ ሲሰላ ስለሚረክስ ይገዛል፤ ቤት ሲገባ ግን የሁለት ሳምንቱ በሁለት ቀን ያልቃል።

የዚህ ሁሉ ተቃራኒ የሆነ አንድ ታሪክ አለ። በ1937 የአሜሪካ ጦር ለወታደሮቹ የአደጋ ጊዜ ስንቅ የሚሆን ቸኮሌት ከኸርሺ ኩባንያ አዘዘ። ጉልበት ይስጥ፣ በሙቀት አይቅለጥ፣ ጣዕሙ ደግሞ ከተቀቀለ ድንች ትንሽ ብቻ ይሻል አሉ። ከጣፈጠ ወታደሩ ሳይርበው ይጨርሰዋላ። እንደታዘዘው ተሠራ፣ ወታደሮቹም ጠሉት። ቸኮሌት እንዳይበላ ለማድረግ ሆን ተብሎ ማበላሸት ነበረበት።

ለራሳችን ነው የምንገዛው ወይስ ለሌላ ሰው?

ከምናስበው በላይ ለሌላ ሰው ነው። ቸኮሌት አስተማማኝ ስጦታ ነው። ቁጥር አይጠየቅለትም፣ የቤት ቀለም አይመርጥም፣ ለአለቃም ለአክስትም ይሆናል። የማይበላው ሰው እንኳ ለሌላ ይሰጠዋል። ስለዚህ ገበያው በበዓላት ዙሪያ ይንተከተካል፤ ገና፣ ፋሲካ፣ የቫለንታይን ቀን። የልብ ቅርጽ ያለውን ካርቶን እንግሊዛዊው ሪቻርድ ካድበሪ በ1860ዎቹ ሲያወጣ፣ ቸኮሌቱ ካለቀ በኋላ ደብዳቤ ማስቀመጫ እንዲሆን ታስቦ ነበር። እስካሁንም ሰው ግማሹን ብር የሚከፍለው ለካርቶኑ ይመስለኛል።

በዚህ ጃፓንን የሚያህል የለም። የካቲት አጋማሽ፣ በፌብሩዋሪ 14፣ የሚሰጡት ሴቶች ናቸው፤ ወንዶቹ ከአንድ ወር በኋላ ማርች 14 ላይ ይመልሳሉ። ለፍቅረኛ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ለሥራ ባልደረባና ለአለቃ በይሉኝታ የሚሰጥም አለ። ይሄ ሸክም ስለሆነ በ2018 ጎዲቫ፣ ያውም ራሱ ቸኮሌት ሻጭ ሆኖ፣ የይሉኝታው ስጦታ ይቅር የሚል ሙሉ ገጽ ማስታወቂያ ጋዜጣ ላይ አወጣ።

ገንዘብ ቆጣቢ ለሆናችሁ፦ የበዓል ቅርጽ የተሰጠው ቸኮሌት በግራም ሲሰላ ከተራው ይወደዳል፣ በዓሉ ባለፈ ማግስት ደግሞ ይረክሳል። ጣዕሙ ያው ነው።

ዋጋው ሲጨምር ሰው መግዛት ያቆማል?

ቶሎ አያቆምም። ዓይነቱን ይቀይራል፣ ትንሹን ይወስዳል፣ ቅናሽ ይጠብቃል።

ለዓመታት አንድ ቶን ካካዎ ከ2,000 እስከ 3,000 ዶላር አካባቢ ነበር። በ2024 ከ10,000 አለፈ፤ ታኅሣሥ ላይ ከ12,000 በላይ ደረሰ። ምዕራብ አፍሪካ ውስጥ መጀመሪያ ዝናብ በዛ፣ ፍሬውን የሚያጠቁር በሽታ ገባ፣ ከዚያ ድርቅ መጣ። ዛፎቹም አርጅተዋል፤ ቅርንጫፋቸውን የሚያሳብጥ ቫይረስም አለ። በ2025 ዋጋው በእጅጉ ወረደ። መደርደሪያው ላይ ያለው ዋጋ ግን አብሮ አይወርድም፤ ፋብሪካዎች ካካዎውን ወራት ቀድመው ስለሚገዙ ዛሬ የምትበሉት በትናንቱ ዋጋ የተገዛውን ነው።

ኩባንያዎች ዋጋ መጨመር ሲፈሩ ሁለት ዘዴ አላቸው። አንዱ መጠን መቀነስ ነው። በ2016 እንግሊዝ ውስጥ ቶብለሮን፣ በተራራ ሰንሰለት ቅርጽ የሚሠራው ቸኮሌት፣ በተራሮቹ መካከል ያለውን ክፍተት አስፍቶ የ170 ግራሙን 150 አደረገው። ሰው ሳቀበት፣ ተናደደበትም፤ በ2018 ቅርጹ ተመለሰ። ሁለተኛው ካካዎውን መቀነስ ነው። ይሄ ጎልቶ ስለማይታይ ብዙ ጩኸት አያስነሳም። እኔን ግን ይበልጥ የሚያናድደኝ እሱ ነው።

መጠቅለያው ላይ «70 በመቶ» ሲል ምን ማለት ነው?

ከካካዎ የመጣው ሁሉ ድምር ነው፤ ዱቄቱም ቅቤውም። የተቀረው በአብዛኛው ስኳር ነው። በአውሮፓ ኅብረት ሕግ የወተት ቸኮሌት ቢያንስ 25 በመቶ ካካዎ ሊኖረው ይገባል፤ በአሜሪካ 10 በመቶ ይበቃል። ያው ስም፣ ሌላ ነገር። ስኳር ከዝርዝሩ መጀመሪያ ላይ ከተጻፈ ብዙው እሱ ነው ማለት ነው።

ጥቁር ቸኮሌት ለልብ ጥሩ ነው ብዬ መግዛት እችላለሁ?

ለጣዕሙ ግዙት። ካካዎ ውስጥ ያሉት ፍላቫኖል የሚባሉ የተክል ንጥረ ነገሮች የደም ሥርን እንደሚያላሉ የሚያሳዩ ጥናቶች አሉ። ትልቁ ሙከራ ኮስሞስ የሚባለው ነው፤ ከ21,000 በላይ በዕድሜ የገፉ አሜሪካውያን ተሳትፈውበት ውጤቱ በ2022 ወጣ። ዋናው መለኪያ፣ ማለትም አጠቃላይ የልብና የደም ሥር ችግር፣ አስተማማኝ በሆነ መጠን አልቀነሰም። በልብና በደም ሥር ሕመም የሞቱት ግን ካካዎውን በወሰዱት ዘንድ አነሱ። ተስፋ ሰጪ ነው፣ ግን የተሰጣቸው እንክብል እንጂ ቸኮሌት አልነበረም። ቸኮሌት ሲሠራ ከፍላቫኖሉ ብዙው ይጠፋል፤ ስኳሩና ስቡ ደግሞ ይጨመራል። የጥቁሩ 100 ግራም 600 ካሎሪ ገደማ ነው፣ ከወተቱም ይበልጣል።

በቀን ስንት ብበላ ይበዛል?

የዓለም ጤና ድርጅት የተጨመረ ስኳር ከዕለቱ ካሎሪ 10 በመቶ እንዳያልፍ ይመክራል፤ ለአዋቂ 50 ግራም ገደማ ነው። ግማሹ ቢሆን ደግሞ ይመረጣል ይላል። አንድ ባለ 100 ግራም የወተት ቸኮሌት ብቻውን 50 ግራም ያህል ስኳር አለው። ከዚያ በኋላ ሻይ ውስጥ የሚገባ ስኳር የለም።

ማታ እንቅልፍ እምቢ የሚላችሁ ከሆነ ጥቁሩን ተጠራጠሩ። 100 ግራሙ 80 ሚሊግራም ገደማ ካፌይን አለው፤ ከአንድ ስኒ ቡና ብዙም አያንስም። ውሻ ካላችሁ ደግሞ በፍጹም አትስጡት። ቴኦብሮሚኑን እንደኛ ቶሎ ማስወገድ ስለማይችል ይመርዘዋል።

ለመቀነስ ምን ልሞክር?

ትንሹን ግዙ። ትልቁን ከገዛችሁም መብላት ከመጀመራችሁ በፊት ቆራርሳችሁ ለየብቻ አስቀምጡት። ዓይን በማያየው ቦታ ቢሆን ይሻላል። ጠግባችሁ ብሉት፤ በባዶ ሆድ የተጀመረ ቸኮሌት ማቆሚያ የለውም። ሳታኝኩ አፋችሁ ውስጥ አቅልጡት፤ ሁለት ቁራጭ ሩቅ ያስኬዳል።